የምጽዋ ወደብ ትግልና የአሰላው ገበሬ ጥያቄ

ከአዳማ ተነሥቶ በመልካሳ በኩል አዋሽን የተሻገረ መንገደኛ፣ ዴራንና ኢተያን አልፎ ወደ አሰላ ሲወጣ፣ የቆላው ሙቀት ቀስ በቀስ ከኋላው እየቀረ የደጋው ነፋስ ይቀበለዋል። በአንድ ወገን ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍ ያለው የጭላሎ ተራራ ደመና ተከናንቦ ይታያል፤ በሌላው ወገን ሜዳው እየወረደ ሄዶ ወደ ዝዋይ ሐይቅ ይዘልቃል። አገሩ የስንዴና የገብስ አገር ነው። በዚህ ምድር ላይ ቆሞ ስለ ባሕርና ስለ መርከብ የሚጨነቅ ሰው ይኖራል ብሎ የሚገምት የለም።

እኔም አልገመትሁም ነበር። ነገር ግን ባለፈው የሰኔ ወር መግቢያ በአንድ የገበሬዎች ኅብረት ሥራ ማኅበር መጋዘን ደጃፍ ቆሜ ሳለሁ፣ ማዳበሪያ ለመረከብ ወረፋ ከያዙት ሰዎች መካከል አንድ ጎልማሳ ወደ መጋዘን ጠባቂው ጠጋ ብሎ፣ «መርከቡ ገባ ወይ?» ሲል ሰማሁት። ጠባቂውም፣ «መርከቡስ ገብቷል ይላሉ፤ መኪናው ነው የቀረው» ብሎ መለሰለት። በወረፋው የቆሙት ሁሉ ነገሩን እንደ ዕለት ወሬ ሰምተው ዝም አሉ። የተገረምሁት እኔ ብቻ ነበርሁ።

«ጋሼ፣ የትኛውን መርከብ ነው የጠየቁት?» አልሁት።

«የጅቡቲውን ነዋ! ማዳበሪያው በምን የሚመጣ መስሎሃል? መርከቡ አንድ ወር ቢዘገይ ዝናቡ እኔን ቆሞ አይጠብቀኝ» አለኝ። ቀጥሎም ፈገግ ብሎ፣ «ወደብን አውቀዋለሁ፤ በልጅነቴ ለብሔራዊ ውትድርና ተመልምዬ ምጽዋ ነበርሁ» አለ። በ1981 ዓ.ም. ታሞ ወደ አሥመራ ሆስፒታል ስለ ተላከ ከዚያ ወዲህ ወደ ወደቡ አልተመለሰም። ጓደኞቹ ግን በዚያው ቀሩ። ስለ እነርሱ ብጠይቀው ብዙ ሊናገር አልፈለገም። «መንገዱ ከተቆረጠ ወደብ ደሴት ነው» አለና ወደ ወረፋው ተመለሰ።

ይህ አነጋገር ከአእምሮዬ አልወጣም። ሰውዬው የታሪክ ጸሐፊ አይደለም፤ ቃሉ ግን የምጽዋን ታሪክ በአንድ መስመር የሚጠቀልል ነው። ስለዚህ በዛሬው ጽሑፌ በ1933 ዓ.ም. የኢጣልያ ወደብ ስለ ነበረችው ምጽዋ የተደረገውን ትግል፣ ለአሰላ ገበሬም ለእኛም ምን እንደሚያስተምር ለአንባቢዎቼ ላቀርብ አሰብሁ።

ጠላት የገባበት በር

ምጽዋ በድንጋይ በተሠራ መንገድ ከየብስ ጋር የተያያዘች የደሴት ከተማ ናት። ሙቀቷ በዓለም ላይ ካሉት ከተሞች ከበረቱት ይቆጠራል። የምትታረስ መሬት የላትም፤ የሚጠጣ ውሃዋም ጥቂት ነው። ዋጋዋ ያለው በራስዋ ሳይሆን ከበስተ ኋላዋ በተዘረጋው ደጋ ነው። ደጋው የሚሸጠውና የሚገዛው ዕቃ ባይኖር ኖሮ ምጽዋ የዓሣ አጥማጆች መንደር ሆና በቀረች ነበር።

ቱርኮች በ16ኛው ምዕተ ዓመት ያዟት፤ በ19ኛው ምዕተ ዓመት ደግሞ ግብፃውያን ተረከቧት። ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ በግንቦት 1876 ዓ.ም. ከእንግሊዙ መልእክተኛ ከአድሚራል ሂዌት ጋር በዓድዋ በተዋዋሉት ውል፣ የጦር መሣሪያ ሳይቀር ለኢትዮጵያ የሚመጣው ዕቃ በምጽዋ በነፃ እንዲያልፍ ተስማምተው ነበር። የውሉ ቀለም ሳይደርቅ ግን በጥር 1877 ዓ.ም. ኢጣልያ በእንግሊዝ ፈቃድ ወደቡን ያዘች።

ከዚያ ወዲህ ከሰሜን በኩል በኢትዮጵያ ላይ የመጣው የኢጣልያ ጦር ሁሉ የገባው በዚያ በር ነው። በጥር 1879 ዓ.ም. ራስ አሉላ በዶጋሊ የደመሰሱት 500 ያህል ወታደር የተነሣው ከምጽዋ አጠገብ ነበር። በ1888 ዓ.ም. በዓድዋ የተሸነፈው ሠራዊትም ከመርከብ የወረደው እዚያው ነው። መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. መረብን የተሻገረው የፋሽስት ጦር መኪናውንና መድፉን፣ ስንቁንና ጥይቱን ያራገፈው በምጽዋ ነበር። በ1904 ዓ.ም. አሥመራ የደረሰው የባቡር ሐዲድ ለዚህ ሁሉ ጭነት አልበቃ ስላለ፣ ከ70 ኪሎ ሜትር በላይ ርዝመት ያለው በሽቦ ገመድ ላይ የሚሄድ የዕቃ ማመላለሻ ከባሕሩ ጠረፍ እስከ አሥመራ ተዘረጋ።

በዚያ ጊዜ የአርሲ ጦር በደጃዝማች አምደ ሚካኤል እየተመራ በኦጋዴን ግንባር ተሰልፎ ነበር። በዚያ የገጠመው ጠላትም ስንቅና መሣሪያው የሚመጣለት በሞቃዲሾ ወደብ በኩል ነው። አርሲ የባሕር ጠረፍ ባይኖረውም፣ ወደብ ያለው ጠላት ምን ያህል እንደሚበረታ ልጆቹ በጦር ሜዳ ያዩት ነገር ነው።

ወደቡ የተያዘው በተራራ ላይ ነው

ኢጣልያ በሰኔ 3 ቀን 1932 ዓ.ም. ከጀርመን ጋር ተሰልፋ ጦርነት ባወጀች ጊዜ ምጽዋ የዓለም ጉዳይ ሆነች። የሜዲትራኒያን ባሕር ለእንግሊዝ መርከቦች አደገኛ ስለ ሆነ፣ በግብፅ ላለው ሠራዊት የሚላከው ስንቅና መሣሪያ አብዛኛው አፍሪካን በደቡብ ዞሮ በቀይ ባሕር በኩል ወደ ስዊዝ ይሄድ ነበር። በዚያ መንገድ ዳር ምጽዋ ተቀምጣለች፤ በውስጧም የኢጣልያ የጦር መርከቦችና ባሕር ሰርጓጆች ነበሩ። ከዚህም በላይ የአሜሪካ ሕግ የአገሩ መርከቦች ጦርነት ወዳለበት ባሕር እንዳይገቡ ይከለክል ስለ ነበር፣ ምጽዋ በኢጣልያ እጅ እስካለች ድረስ የአሜሪካ መርከብ ጭኖ ወደ ስዊዝ ሊያልፍ አይችልም ነበር።

እንግዲህ አንድ ወጣት ተማሪ፣ «መርከብ ልኮ ወደቡን በመድፍ መደብደብ ነው» ይል ይሆናል። የጦር አዛዦቹ ያደረጉት ግን ይህን አይደለም። ጄኔራል ፕላት በጥር 1933 ዓ.ም. ጦራቸውን ይዘው ከሱዳን ተነሥተው ወደ ኤርትራ ምድር ገቡ። ወደ አሥመራና ወደ ባሕሩ የሚያደርሰው መንገድ በከረን ተራሮች መካከል በጠባብ በር ያልፋል። ኢጣልያኖችም ዋናውን ኃይላቸውን ያከማቹት በዚያ በር ግራና ቀኝ ባሉት ጫፎች ላይ ነበር።

4ኛውና 5ኛው የሕንድ ክፍለ ጦሮች ከ50 ቀን በላይ ያንን ተራራ ሲወጡና ሲወርዱ ሰነበቱ። ውሃና ጥይት በሰው ጫንቃ እየተሸከሙ፣ የያዙትን ጫፍ ሲለቁ፣ የለቀቁትን መልሰው ሲይዙ ከረሙ። ከእንግሊዝ ወገን ከ500 የሚበልጡ ሞተው ከ3,000 የሚበልጡ ቆሰሉ፤ ከኢጣልያ ወገን የሞተው ደግሞ ከዚህ በብዙ እጥፍ ይበልጥ ነበር። ከእነዚህም ብዙዎቹ በባዕድ ባንዲራ ሥር የተሰለፉ የኤርትራ ልጆች ነበሩ። ወደቡ የኢጣልያ ተባለ እንጂ ከሚፈሰው ደም ብዙው የአገሬው ደም ነበር።

ከረን በመጋቢት 18 ቀን ተያዘች። ከአምስት ቀን በኋላ፣ መጋቢት 23 ቀን፣ አሥመራ ሳትዋጋ እጅዋን ሰጠች። ከባሕር ወለል ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍ ካለችው አሥመራ ቁልቁል የሚወርደው መንገድ ከተያዘ በኋላ ምጽዋ በባሕርና በጠላት መካከል ቀረች። የአሰላው ሰው እንዳለው ደሴት ሆነች ማለት ነው።

የአድሚራሉ መጨረሻ

በአሥመራና በምጽዋ መካከል የተዘረጋው የቴሌፎን መስመር ገና አልተቆረጠም ነበርና፣ እንግሊዞች በዚያው ቴሌፎን የምጽዋውን አዛዥ አድሚራል ማሪዮ ቦኔቲን አነጋገሩት። መርከቦቹን አስጥሞ ወደቡን ቢዘጋ፣ በኤርትራና በኢትዮጵያ ያለውን የኢጣልያ ሕዝብ ለመቀለብ ኃላፊነት እንደማይወስዱ አስጠነቀቁት። ቦኔቲ ከሮማ ትእዛዝ ጠየቀ፤ ከሮማ የመጣለት መልስ ግን እንዲዋጋ የሚያዝ ስለ ነበር እጅ አልሰጥም አለ።

በወደቡ የነበሩት ስድስት አጥፊ የጦር መርከቦች የመጨረሻ ዕድላቸውን ለመሞከር ወደ ባሕር ወጡ። አንደኛዋ ከባሕር ውስጥ ዐለት ጋር ተጋጭታ ጠፋች። ሁለቱን የእንግሊዝ አይሮፕላኖች አሰጠሟቸው። የቀሩትን ሦስቱን ራሳቸው መርከበኞቹ አሰጠሟቸው። ከስድስቱ አንዲት እንኳ ተርፋ አልተመለሰችም።

መጋቢት 30 ቀን 1933 ዓ.ም. ጎሕ ሲቀድ ማጥቃቱ ተጀመረ። ከሰሜን በኩል አንድ የሕንድ ብርጌድና በኮሎኔል ሞንክላር የሚመሩት የነፃ ፈረንሳይ ወታደሮች፣ በአሥመራ መንገድ በኩል ደግሞ ሌላ የሕንድ ብርጌድ ከታንኮች ጋር ገፉ። በዚያኑ ዕለት ከተማይቱ እጅ ሰጠች፤ ወደ 10,000 የሚጠጋ ወታደርም ተማረከ። አድሚራሉ ሰይፉን በጉልበቱ ላይ አድርጎ ሊሰብረው ቢሞክር እንቢ ስላለው ወደ ባሕር ወረወረው፤ ባሕሩ በጎደለ ጊዜ ግን ሰይፉ ተገኝቶ ለድል አድራጊዎቹ ተሰጠ እየተባለ ይነገራል።

በዚያው ሳምንት በአርሲ

ምጽዋ ከመያዟ ሁለት ቀን ቀደም ብሎ፣ መጋቢት 28 ቀን፣ አዲስ አበባ ተይዛ ነበር። ከዋና ከተማው የሸሸው የጠላት ጦር ከፊሉ ወደ ጂማና ወደ ሐይቆቹ አገር ወረደ። ይህን ጦር ለማሳደድ ከምሥራቅ አፍሪካ ወታደሮች የተቋቋመ አንድ ብርጌድ አዋሽን ተሻግሮ በአሰላ በኩል በአርሲ ደጋ ወደ ደቡብ ገፋ። የበልግ ዝናብ ግን መንገዱን ጭቃ አድርጎ መኪናውን ያዘው። ሻሸመኔ እስክትያዝ ድረስ እስከ ግንቦት 6 ቀን ቆየ።

ለመዘግየቱ ዝናቡ አንዱ ምክንያት ነው። ሌላው ምክንያት ግን ራሱ የምጽዋ ወደብ ነበር። በግብፅ በኩል ጄኔራል ሮሜል እየገፋ ስለ መጣ፣ የመካከለኛው ምሥራቅ የጦር አዛዥ ጄኔራል ዌቭል በኢትዮጵያ ያለውን የደቡብ አፍሪካ ጦር በቶሎ ወደዚያ ለማዛወር ፈለጉ። ለዚህም ከአዲስ አበባ እስከ አሥመራ ያለው መንገድ ተከፍቶ ጦሩ በምጽዋ መርከብ እንዲሳፈር ማድረግ ያስፈልግ ነበር። ስለዚህ አንድ የደቡብ አፍሪካ ብርጌድ ወደ ሰሜን ዞሮ ሚያዝያ 18 ቀን ደሴን ያዘ። ከዚያም በግንቦት ወር፣ የራስ ሥዩም መንገሻ ሰዎች በተካፈሉበት የአምባ አላጌ ውጊያ፣ የኢጣልያው እንደራሴ የአኦስታው መስፍን እጁን ሰጠ።

አንባቢ ሆይ፣ ይህን ልብ በል! በአርሲ ጭቃ ውስጥ የቆመው ወታደር ምን ያህል ረዳት እንደሚደርስለት በከፊል የወሰነው ከእርሱ በመቶ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ርቆ የሚገኝ ወደብ ነበር። የደሴና የአምባ አላጌ ገደልም የተወጣው ለድሉ ሲባል ብቻ ሳይሆን ወደዚያ ወደብ የሚወስድ መንገድ ስለ ሆነ ጭምር ነው።

በጥቂት ቀን የተዘጋ፣ በብዙ ወር የተከፈተ

ምጽዋ በተያዘች በሦስተኛው ቀን፣ ሚያዝያ 3 ቀን 1933 ዓ.ም.፣ የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ፍራንክሊን ሩዝቬልት ቀይ ባሕር ከእንግዲህ ወዲህ የጦርነት ባሕር አይደለም ብለው አወጁ። ስለዚህ የአሜሪካ መርከቦች ጭነታቸውን እስከ ስዊዝ ለማድረስ ቻሉ። የከረን ተራራ ፍሬ ይህ ነበር።

ነገር ግን የወደቡ ጉዳይ በዚህ አላበቃም። ኢጣልያኖች እጅ ከመስጠታቸው በፊት ከአሥር የሚበልጡ ታላላቅ መርከቦችን በወደቡ መግቢያና በውስጡ አስጥመው ነበር። መርከብ የሚጠገንበትን ታላቁን ተንሳፋፊ መድረክ በውስጡ ቦምብ አፈንድተው ወደ ባሕሩ ወለል ሰደዱት። በወርክሾፑ ያሉትን ሞተሮችም በመዶሻ ሰባበሯቸው። ስለዚህ ድል አድራጊው የተረከበው ወደብ አብዛኛው የመርከብ መቃብር ነበር።

የሰመጠ መርከብ በማውጣት የታወቀው የአሜሪካ የባሕር ኃይል መኮንን ኤድዋርድ ኤልስበርግ በ1934 ዓ.ም. አጋማሽ ምጽዋ ሲደርስ፣ ወደቡ ከተያዘ አንድ ዓመት ያህል ሆኖት ነበር። መሣሪያው ጥቂት፣ ሰዉም ጥቂት፣ ሙቀቱ ግን ብረት በእጅ የማያስነካ ነበር። በወርክሾፑ ከተሰበረው ሞተር ያልተሰበረውን ክፍል እየፈታ ከሌላው ጋር በመግጠም፣ የማይገኘውንም ክፍል በማቅለጥና እንደ ገና በመሥራት ሥራ አስጀመረ። በዚያም አሜሪካዊውና እንግሊዛዊው፣ ኤርትራዊው ሠራተኛና ምርኮኛው ኢጣልያዊ ጎን ለጎን ቆመው ሠሩ።

ታላቁን ተንሳፋፊ መድረክ ያነሡበት ዘዴ ለተማሪዎቻችን ጥሩ የፊዚክስ ትምህርት ነው። ጠላቂዎች ወደ ውስጥ ወርደው ቀዳዳ ቀዳዳውን ከደፈኑ በኋላ፣ በማሽን የታመቀ አየር ወደ ውስጡ ነፉበት። አየሩ ውሃውን እየገፋ በታች በኩል ሲያስወጣው መድረኩ ቀስ በቀስ እየቀለለ ብቅ አለ። ከዚያም የሰመጡት መርከቦች በየተራ ይነሡ ጀመር። ሮሜል ወደ እስክንድርያ በቀረበበት በ1934 ዓ.ም. ክረምት ገደማ፣ በእስክንድርያ ሊጠገኑ ያልቻሉት ዲዶ፣ ዩሪያለስና ክሊዎፓትራ የተባሉት የእንግሊዝ የጦር መርከቦች መጠገኛ ያገኙት በምጽዋ ነው።

ታሪክ የአድሚራሉን ሰይፍ ያነሣል፤ የጠላቂውንና የብየዳ ሠራተኛውን ስም የሚያነሣ ግን ጥቂት ነው። ይሁን እንጂ መርከቦቹን ለማስጠም ጥቂት ቀን በቃ፤ ለማንሣት ግን ብዙ ወር ፈጀ። ወደቡን ወደብ ያደረገው በመጨረሻ የእነዚያ ሰዎች እጅ ነው።

የአሰላው ሰው ዝምታ

ምጽዋ ሌላ ትልቅ ውጊያ ያየችው በየካቲት 1982 ዓ.ም. ነው። ያን ጊዜ ከተማይቱን የያዘው የኢትዮጵያ ጦር ሲሆን፣ አጥቂው የኤርትራ ሕዝብ ነፃነት ግንባር ነበር። አሁንም የመጀመሪያው ሥራ ወደ አሥመራ የሚወስደውን መንገድ መቁረጥ ሆነ። ከዚያም ግንባሩ በየብስ በታንክ፣ በባሕርም በፈጣን ጀልባ ገፍቶ ከተማይቱን ያዘ። ከወደቀችም በኋላ ከሰማይ ተደበደበች። ጥንታውያን ቤቶቿ ፈራረሱ፤ ከሁለቱም ወገን እጅግ ብዙ ወጣት አለቀ። ከእነዚያ ወጣቶች አንዳንዶቹ የአሰላው ሰው ጓደኞች ነበሩ። ዝም ያለበትን ምክንያት የተረዳሁት ይህን ካነበብሁ በኋላ ነው።

በ1985 ዓ.ም. ኤርትራ ነፃ አገር ሆነች፤ ምጽዋም የሌላ መንግሥት ወደብ ናት። ዛሬ አብዛኛው የአገራችን ዕቃ የሚገባው በጅቡቲ ነው። ማዳበሪያውም በዚያ ከመርከብ ወርዶ፣ በረሃውን አቋርጦ፣ አዋሽን ተሻግሮ የጭላሎ ሥር ገበሬ ዘንድ ይደርሳል። ከባሕሩ እስከ ማሳው ያለው መንገድ አንድ ሰንሰለት ነው። ከቀለበቶቹ አንዱ ቢላላ፣ መርከቡ በጊዜው ቢገባም እንኳ ገበሬው ሰኔን ባዶ እጁን ያሳልፋል።

ይህን ጽሑፍ ከሚያነቡት ብዙዎቹ ተማሪዎችና በመንግሥት ሥራ ላይ ያሉ ወጣቶች እንደ ሆኑ አውቃለሁ። ስለ ወደብ ሲነሣ የአብዛኞቻችን አሳብ ወደ ባንዲራና ወደ መድፍ ይሮጣል። የምጽዋ ታሪክ የሚነግረን ግን ሌላ ነው። ወደብ የሚያዘውም የሚጠፋውም ከበስተ ኋላው ባለው መንገድ ነው፤ ከተያዘ በኋላ የሚያኖረው ደግሞ ሠርቶ የሚጠግነው ሰው ነው። በከረን ተራራ ላይ የወደቀው ወታደር ባሕሩን አላየም። በምጽዋ የወደቀው የአሰላ ልጅም አገሩን ዳግመኛ አላየም። ደማቸው የፈሰሰው ስለ አንድ ጥግ ባሕር ነው ካልን፣ እኛ ዛሬ ያለ ደም የምንሠራውን ሥራ ልናቃልለው አይገባም። ይኸውም የጭነት ወረቀቱን በሰዓቱ መፈረም፣ የተበላሸውን ድልድይ ከክረምት በፊት መጠገን፣ መጋዘኑን በታማኝነት መጠበቅ ነው።

በዚያ ዕለት መጋዘን ጠባቂው፣ «መርከቡስ ገብቷል ይላሉ፤ መኪናው ነው የቀረው» ብሎ ነበር። የአሰላው ሰው ወረፋው ውስጥ ቆሞ ወደ ጭላሎ ደመና ቀና ብሎ ያይ ነበር። የመርከቡ ነገር በእኛ እጅ ላይሆን ይችላል። የመኪናው ነገር ግን በእኛ እጅ ነው።